ሲሲፈስ ደስ ብሎታል ያለው ማነው?

ፊልሙ ሁለት ደቂቃ ገደማ ቢሆን ነው። ነጭ ወረቀት ላይ በጥቁር ቀለም የተሳለ አንድ ሰው አንድ ቋጥኝ ሽቅብ ይገፋል። ንግግር የለም፤ ጆሮ የሚይዘው የሰውየው ትንፋሽና ማቃሰት ነው። ሃንጋሪያዊው ማርሴል ያንኮቪች ይህን «ሲሲፈስ» የተባለ አጭር የአኒሜሽን ፊልም ቡዳፔስት በሚገኘው የፓኖኒያ ስቱዲዮ የሠራው በ1974 ነው (ዓ.ም. ካላልኩ በቀር ዓመቶቹና ቀኖቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በ1976 ለኦስካር ታጨ፤ ሽልማቱን ሌላ ወሰደው። ከዚያ ወዲህ ስለ ፊልሙ የሚባለው በሁለት ይከፈላል። አንዱ ወገን የሰው ልጅ ልፋት ከንቱነት የተሳለበት ነው ይላል። ሌላው ተስፋ ያለመቁረጥ መዝሙር ያደርገዋል፤ ሰውየው ይዝላል፣ ይበረታል፣ ይገፋል፣ እኛም እንደሱ እንግፋ። ሁለቱ የተጣሉ ይመስላሉ እንጂ የተቀመጡት አንድ ምንጣፍ ላይ ነው። ሁለቱም የሚመረምሩት የገፊውን ልብ ነው፦ አዝኗል ወይስ ደስ ብሎታል፣ ተሸንፏል ወይስ ጸንቷል። እኔ ግን ፊልሙም ሆነ ምንጩ፣ ድንጋዩ ጫፍ ሊደርስ ሲል ሁሌ የሚመለስበት ጥንታዊው የግሪክ ተረት፣ ስለ ልብ ናቸው ብዬ አላምንም። ልፋት እንዲያው በራሱ ከንቱ አይሆንም፤ ከንቱ የሚያደርገው አለ። ያንን ትቶ የገፊውን ስሜት መፈተሽ፣ የተዘረፈውን ሰው ኪስ እየበረበሩ ዘራፊውን በጓሮ በር መሸኘት ነው።

የገፊውን ልብ የሚመረምረው አስተያየት አባት ፈረንሳዊው ጸሐፊ አልቤር ካሙ ነው፤ ቢያንስ ልጆቹ በስሙ ይምላሉ። ካሙ «የሲሲፈስ አፈ ታሪክ» የተባለውን ድርሳን ያሳተመው በ1942፣ ፓሪስ በጀርመን ጦር እጅ ሳለች ነው። ጥያቄው ስለ ሥራ አልነበረም፤ ሕይወት ትርጉም ከሌላት ራስን ማጥፋት ይገባል ወይ የሚል ነበር። መልሱ አይገባም ነው። ድንጋዩ ተንከባሎ ሲሄድ ሲሲፈስ ተከትሎት የሚወርድባት ሰዓት የንቃት ሰዓት ናት፤ ዕጣውን ያውቃታል፣ ስለሚያውቃትም ይንቃታል፣ የናቃት ዕጣ ደግሞ ልታንበረክከው አትችልም። ድርሳኑ ለሲሲፈስ ደስታን ሰጥቶ ያበቃል። ከዚያ በኋላ ግን ይህች መደምደሚያ ከቤቷ ወጥታ ጎዳና አዳሪ ሆነች። የቡና ኩባያ ላይ ትታተማለች፣ በካናቴራ ትሸጣለች፣ ደመወዝ ሳይጨመርለት ሥራ ለተጨመረለት ሠራተኛ የማነቃቂያ ሥልጠና ትሆናለች። በሞትና በሕይወት መካከል ለቆመ ሰው የተነገረ ክርክር ለመሥሪያ ቤት አለቃ ማስታገሻ ሆኖ አረፈው። ለካሙ ግን ፍርድ አናጓድልበት። የ1942ቱ እትም ራሱ የሌላ እጅ የነካው ነበር፤ ስለ ካፍካ የጻፈው ክፍል፣ ካፍካ አይሁዳዊ በመሆኑ በዚያ የሳንሱር ዘመን ሊወጣ ስለማይችል፣ ከመጽሐፉ ተነሥቶ በሌላ ተተካ፤ የተመለሰው በኋላ በታተሙት ነው። ስለ ከንቱ ልፋት የተጻፈው መጽሐፍ አንድ ድንጋዩን ያጣው በአማልክት ሳይሆን በሰው ትእዛዝ ነው። ኩባያ አታሚዎቹ ይህችን ታሪክ ቢያውቋት ምን ባተሙ ነበር እላለሁ አንዳንዴ።

ተረቱን ከሥሩ እንየው። ሲሲፈስ ከነድንጋዩ በሆሜር «ኦዲሴይ» 11ኛ መጽሐፍ ውስጥ አለ፤ ኦዲሲየስ በሙታን አገር ካያቸው ቅጣተኞች አንዱ ነው። ቦታው ጥቂት መስመር ብቻ ነው። ሰውየው በእጁም በእግሩም ተግኖ ይገፋል፤ ድንጋዩ ጫፉን ሊያልፍ ሲል ክብደቱ ይመልሰዋል፤ ላብ ከገላው ይወርዳል፣ ከራሱ ላይ አቧራ ይነሣል። ሆሜር ምን አጥፍቶ እንዲህ እንደተፈረደበት አይነግረንም። ምክንያቱን የሚነግሩን ሌሎች ናቸው። በአንዱ አተራረክ ሞትን በሰንሰለት አስሮ ሰው እንዳይሞት አድርጓል። በሌላው ሚስቱን እንዳትቀብረኝ ብሎ ካስጠነቀቀ በኋላ፣ ሳልቀበር ቀረሁና ልሂድ ልቅጣት ብሎ ከሙታን አገር አምልጧል። ሦስተኛውን ያቆየልን ፓውሳንያስ የተባለው ተጓዥ ጸሐፊ በ2ኛው ምዕተ ዓመት ስለ ቆሮንቶስ ሲጽፍ ነው፤ ለዚህ ክርክር ከሁሉ የሚከብደውም እሱ ነው። ዜውስ የወንዙን አምላክ የአሶፖስን ልጅ አጊናን ጠለፋት። ሲሲፈስ ያውቅ ነበር። አባትየው ልጁን ፍለጋ ሲመጣ ሲሲፈስ፣ ለቆሮንቶስ አምባ ውሃ ካፈለቅህልኝ የወሰዳትን እነግርሃለሁ አለው። ተነገረው፤ ውሃውም ፈለቀ። እንግዲህ መዝገቡን አንብቡት፦ የአማልክት አለቃ ልጅ ጠለፈ፣ የአንድ ከተማ ንጉሥ አጋለጠው፣ ለከተማውም ምንጭ አስገኘ፣ በዚህም የተነሣ ዕድሜ ልክ እንኳ ያልሆነ፣ ከዕድሜ በኋላ የሚቀጥል ድንጋይ መግፋት ተፈረደበት። ሲሲፈስ ንጹሕ ነው እያልኩ አይደለም፤ ተንኮለኛነቱን ጥንታውያኑ በአንድ ድምፅ ይመሰክራሉ፣ ምስጢሩንም ቢሆን በነፃ አልሰጠም። ነገር ግን ይህ የሕልውና ትርጉም አልባነት ምሳሌ ሳይሆን የፍርድ ጉዳይ ነው፤ ተበዳይ ነኝ ባዩና ዳኛው አንድ የሆኑበት ጉዳይ። እኛ ለከንቱ ድካም ያለን አባባል ውሃ ቢወቅጡት መልሶ እንቦጭ የሚለው ነው፤ እሱ የሚያላግጠው ሳይላክ ሳይታዘዝ ሙቀጫ ውስጥ ውሃ በጨመረ ሞኝ ላይ ነው። ሲሲፈስ ሙቀጫውን አልመረጠም። ሞኝነትና ቅጣት ሁለት ነገር ናቸው፤ የዛሬ አንባቢዎቹ አንድ አደረጓቸው።

ከንቱ ሥራ የሚፈበረክ ነገር መሆኑን ለማወቅ እስከ ግሪክ አማልክት መሄድም የለብንም፤ የ19ኛው ክፍለ ዘመን የእንግሊዝ ወህኒ ቤት ይበቃል። ዊልያም ኩቢት የተባለ መሐንዲስ በ1818 ለእስረኞች የእግር መንኮራኩር ነደፈ። ረጅም በርሜል የመሰለ ነገር ነው፤ ዙሪያውን ደረጃ ተደርድሮበታል፤ እስረኛው ሲረግጠው ደረጃው ከእግሩ ሥር ይሸሻል፤ ስለዚህ ሲወጣ ቢውል ከቆመበት ፈቀቅ አይልም። አንዳንዱ መንኮራኩር እህል ይፈጭ፣ ውሃ ይስብ ነበር፤ ሌላው ግን ከምንም ጋር አልተያያዘም፣ እስረኞቹም «ነፋስ መፍጨት» ይሉት ነበር። ቆየት ብሎ ደግሞ በየእስረኛው ክፍል የሚገባ መዘውር መጣ፦ ሣጥን፣ ውስጡ አሸዋ፣ አሸዋውን የሚያማስል መቅዘፊያ፣ በጎኑ እጀታና ዙሩን የሚቆጥር ሰሌዳ። የቀኑ ግዴታ 10,000 ዙር ያህል ነበር። ጠባቂው እስረኛውን ጨምሮ ማድከም ሲያሰኘው አንዲት ብሎን ያጠብቃል፤ እጀታው ይከብዳል። በ1898 የወጣው የወህኒ ቤቶች ሕግ ይህን ዓይነቱን ቅጣት እስኪያስቀር ድረስ አሸዋው ተማሰለ። አንድ ነገር ልብ ይባልልኝ። ያንን ሣጥን ለመሥራት ነዳፊ፣ አናጢ፣ ብረት ሠሪ፣ በጀትና ፊርማ አስፈልጓል። ልፋት በተፈጥሮው ከንቱ ቢሆን ኖሮ ከንቱ ለማድረግ ይህን ያህል ሰው ባልለፋ ነበር። ሩሲያዊው ደራሲ ዶስቶየቭስኪም በሳይቤሪያ አራት ዓመት ታስሮ ከወጣ በኋላ በጻፈው «የሙታን ቤት ማስታወሻዎች» ውስጥ የደረሰበት ይኸው ነው። እስረኛ ጡብ ሲሠራ፣ ግንብ ሲገነባ፣ ሥራው ግዴታም ቢሆን እንዲያምርለት የሚጣጣርበት ጊዜ አለ፤ ውሃ ከአንዱ ገንዳ ወደ ሌላው፣ ከሌላውም ወደ አንዱ አመላልስ ቢባል ግን በጥቂት ቀናት ውስጥ ራሱን ያጠፋል ብሎ ይገምታል። የሚናገረው ስለ ልበ ስስ ፈላስፋ አይደለም፤ ስለ ደነደነ ነፍሰ ገዳይ ነው።

በቁጥር ለሚያምን ደግሞ በ2008 የታተመ አንድ ሙከራ አለ። አሪየሊ፣ ካሜኒጻና ፕሬሌጽ የተባሉ ተመራማሪዎች የሃርቫርድ ተማሪዎችን የሌጎ አሻንጉሊት አስገጣጠሙ። ለመጀመሪያው 2 ዶላር፣ ለሚቀጥለው 11 ሳንቲም ቀንሶ፣ እንዲያ እያለ ይወርዳል፤ ተማሪው በቃኝ ባለበት ያቆማል። ለአንደኛው ቡድን የተጠናቀቀው አሻንጉሊት ጠረጴዛው ላይ ይደረደርለታል። ለሌላው፣ እነሱም «የሲሲፈስ» ቡድን ላሉት፣ ተማሪው ቀጣዩን ሲገጣጥም ያለፈውን እዚያው ዓይኑ ሥር ይፈታቱትና ሲጨርስ መልሰው ይሰጡታል። አሻንጉሊቱ ያው፣ ክፍያው ያው፣ የጣቱ እንቅስቃሴ ያው። የመጀመሪያው ቡድን በአማካይ 10.6 ሲሠራ የሲሲፈሱ ቡድን በ7.2 አቆመ። አሪየሊ ከሌሎች ጋር የጻፈው ሌላ ጥናት በመረጃው ብልሽት በ2021 ከመጽሔቱ ስለተሰረዘ ይህን ብቻውን ምስክር አድርጌ አልቆምበትም። ግን ከወህኒው መዘውርና ከዶስቶየቭስኪ ገንዳ ጎን ሲቀመጥ የሚናገረው ግልጽ ነው። በሁለቱ ጠረጴዛዎች መካከል የነበረው ልዩነት የሠሪው ፍልስፍና አይደለም፤ ከጠረጴዛው ማዶ ተቀምጦ የሚፈታታው ሰው ነው።

አሁን ወደ ያንኮቪች። የፊልሙ ጉልበት መስመሩ ነው። በብሩሽ ተጠርጎ የሄደ የሚመስል መስመር፣ ሰውየው ሲያምጥ ይወፍራል፣ ሲዝል ይሳሳል። አሁን ጀርባና ትከሻ የነበረው ወዲያው ሁለት ሦስት ጭረት ይሆናል፤ ክንዱ የት ላይ እንዳበቃ፣ ድንጋዩ የት ላይ እንደጀመረ የማይለይበት ጊዜ አለ። ክብደትን በጥላና በዝርዝር የሚስል ሞልቷል። እሱ ግን የድንጋዩን ክብደት ድንጋዩ ላይ አልሳለውም፤ ቋጥኙ ከሞላ ጎደል የክብ መስመር ነው፣ ውስጡ ባዶ ወረቀት፤ ሚዛኑን የምናነበው ከሰውየው አከርካሪ ነው። ተረቱን የሚያውቅ ተመልካች መጨረሻውንም ያውቃልና ትንፋሹን ውጦ ይጠብቃል፦ ጫፍ ይደርሳል፣ ያመልጠዋል፣ ይንከባለላል። አይንከባለልም። ድንጋዩ ጫፍ ላይ ወጥቶ ይቀመጣል፣ እዚያው ይቀራል። ከዚያ እይታው ወደ ኋላ ይርቃል፤ እስካሁን ተራራ ሲመስለን የነበረው፣ ከዚህ በፊት ሽቅብ የተገፉ ድንጋዮች ክምር ሆኖ ይገኛል። የማይጸና ነገር በእኛ የእንቧይ ካብ ይባላል፤ ክብ በክብ ላይ አይቆምማ። ያንኮቪች ግን ከክብ ድንጋይ የጸና ካብ ክቦ አሳየን። ይህ በተረቱ ላይ የተደረገ ማስጌጫ አይደለም፤ ተረቱን ከወገቡ መስበር ነው። የግሪኩ ቅጣት ያለው መመለሱ ላይ ነው፤ ድንጋዩ ካልተመለሰ ቅጣቱ ሌላ ቦታ መፈለግ አለበት። የሚገርመው ስለ ፊልሙ ከሚያወሩት ስንቱ ድንጋዩ ተመልሶ የወረደ ይመስል የሚያወሩት መሆኑ ነው። በሁለት ደቂቃ ፊልም ውስጥ መጨረሻውን መሳት ከባድ ነው፤ ግን አስቀድሞ የሚያውቀውን ሊያይ የተቀመጠ ሰው ያንኑ አይቶ ይነሣል።

እዚህ ላይ የጽናት ወገኖች ዘለው ይነሣሉ። ይኸው፣ ድንጋዩ ቀረ፤ ልፋት ፍሬ አለው! ቀስ ይበሉ። ድንጋይ በተጨመረ ቁጥር ተራራው ከፍ ይላል፤ ተራራው ከፍ ባለ ቁጥር ለቀጣዩ ድንጋይ መንገዱ ይረዝማል። የሰውየው ድል መልሶ የሰውየው አቀበት ነው። የሆሜሩ ሲሲፈስ ቢያንስ ተራራው አያድግበትም። ይህ ደግሞ ያንኮቪች ባደገበት የአውሮፓ ክፍል ሠራተኛ ሁሉ የሚያውቀው ነገር ነበር። በነሐሴ 1935 አሌክሴይ ስታኻኖቭ የተባለ የሶቪየት ማዕድን ቆፋሪ በአንድ ፈረቃ 102 ቶን የድንጋይ ከሰል አወጣ ተባለ፤ የሥራው ልክ 7 ቶን ነበር። ጀግና ተባለ፣ ስሙ የንቅናቄ ስም ሆነ። በማግስቱ ዓመት የሥራው ልክ በየኢንዱስትሪው ከፍ እንዲል ተደረገ፤ የአንዱ ሰው ድንጋይ የሌላው ሁሉ ተራራ ሆነ። ሃንጋሪም ከጦርነቱ በኋላ ንቅናቄውን ቀድታ በ1950 የፋብሪካዎቿን የሥራ ልክ አጠበቀች። ምሥራቅ ጀርመን በ1953 ልኩ በ10 ከመቶ ይጨመር ባለች ጊዜ በርሊን ላይ መጀመሪያ መሣሪያቸውን ጥለው የወጡት ግንበኞች ነበሩ፤ ሰኔ 16 ነው፤ በማግስቱ አመፁ አገር አዳረሰ፣ የሶቪየት ታንኮች ወጡበት። እነዚያ ግንበኞች ሕይወት ትርጉም አልባ ናት ብለው አልወጡም። የሠሩትን ያውቁታል፤ ፎቁ ከፊታቸው ቆሟል። የወጡት የተራራውን ቁመት የሚወስነው ሌላ ሰው ስለሆነ ነው።

ይህን ሁሉ ለሁለት ደቂቃ ሥዕል ማሸከም ይከብደዋል፤ ሰውየው የመስመር ችሎታውን ነው የፈተነው የሚል መልስ ይመጣል። ከፊሉ እውነት ነው። ፊልሙ የሙከራ ሥራ ነው፤ አንድ ገላ ሰው መሆኑ ሳይጠፋ ምን ያህል ጭረት ሊቀነስለት ይችላል የሚለውን ይሞክራል። ያንኮቪች ስለ ኮታ ፊልም ሠራ ማለትም አልፈልግም። ግን ድንጋዩን ጫፍ ላይ ማስቀረት የመስመር ጥያቄ አይደለም፤ የሐሳብ ምርጫ ነው፤ ለመስመር ልምምድ የሚመለሰው ድንጋይ ይበልጥ ይመቸው ነበር፣ ውድቀት ለአኒሜተር ድግስ ነውና። ደግሞ ይህ ሐሳብ አንዴ ብልጭ ብሎ የጠፋ አይደለም። ከሦስት ዓመት በኋላ በካን የአጭር ፊልም ፓልም ዶር ያሸለመው «ታጋዮቹ» የተባለ ሥራው አንድ ቀራፂና ሐውልቱን ያሳያል። ቀራፂው ድንጋዩን ይጠርባል፤ ሐውልቱ እየተቀረፀ ነፍስ ይዘራና መልሶ ቀራፂውን ይጠርበዋል። በመጨረሻ ሐውልቱ ወጣት፣ ሠሪው የጃጀ ሽማግሌ ነው። እዚያም ጥያቄው ሥራው ፍሬ አለው ወይ አይደለም፤ ፍሬው ከፊታችን ቆሟል፤ ጥያቄው ፍሬው ሠሪውን ምን አደረገው ነው። ከሕይወቱ በኩልም ለዚህ ዓይን ባዕድ አልነበረም። በሃንጋሪው ኮሚኒስት መሪ በራኮሺ ዘመን አባቱ ተፈርዶበት ታስሯል፣ ቤተሰቡም ከቡዳፔስት ወደ ገጠር ተግዟል። ከዚህ ተነሥቶ ፊልሙ የቤተሰብ ታሪክ ነው ማለት ርካሽ ንባብ ይሆናል፤ ግን ቅጣት ከሰማይ የሚወርድ ዕጣ ሳይሆን ማኅተም ያለበት ወረቀት መሆኑን በልጅነቱ ያየ ሰው ተረቱን እንደ ፓሪሱ ፈላስፋ ካላነበበው አይፈረድበትም። በ2008 ጂኤምሲ የተባለው የመኪና ብራንድ ይህንኑ ፊልም በአሜሪካ ሱፐር ቦውል ላይ ለትልቅ ሃይብሪድ መኪናው ማስታወቂያ አደረገው። የጽናት ንባብ በመጨረሻ የት እንደሚያደርስ ለማየት ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አላውቅም፤ ሰውየው ይገፋል፣ መኪናው ይሸጣል።

ጠንከር ያለው ተቃውሞ ሌላ ነው። ድንጋይ የሚመልስ ዳኛ የሌለበት፣ ግን በየቀኑ ከዜሮ የሚጀመር ሥራ ሞልቷል፤ ሲሞን ደ ቦቩዋር በ1949 «ሁለተኛው ፆታ» ላይ የቤት ውስጥ ሥራን ከሲሲፈስ ስቃይ ጋር ያመሳሰለችው ለዚህ ነው። የታጠበው ይቆሽሻል፣ የተጋገረው ይበላል። እውነት ነው፤ ግን መደጋገምና ከንቱነት አንድ አይደሉም። እንጀራው ስለተበላ ከንቱ አልሆነም፤ ሊበላ ነው የተጋገረው። ቦቩዋርም በደንብ ሲነበብ ክሷ በምጣዱ ላይ አይደለም፤ ምጣዱን ለአንዷ ብቻ ደልድሎ ሥራዋን ሥራ ነው ለማለት በከለከለው ሥርዓት ላይ ነው። ድንጋይ በድንጋይነቱ እንዲነገርልን ከፈለግን ደግሞ ከአገራችን ዳገት የተሻለ መረጃ የለም። የኮንሶ የድንጋይ እርከኖች አንዳንዶቹ እስከ 5 ሜትር ይደርሳሉ፤ ከ400 ዓመት በላይ፣ ከ20 ትውልድ በላይ ሲካቡ፣ ሲናዱ፣ እንደገና ሲካቡ ኖረው በ2011 በዓለም ቅርስነት ተመዘገቡ። ዝናብ በየዓመቱ ያፈርሳል፤ ሰው በየዓመቱ ይመልሳል። ከዚህ በላይ የሲሲፈስ ሥራ ከየት ይመጣል? ሆኖም ኮንሶዎችን ሲሲፈስ ያላቸው የለም። በአንጻሩ በደርግ ዘመን በምግብ ለሥራ መርሐ ግብር ብዙ የደጋ ኮረብታ እርከን ለብሶ ነበር፤ ለአንድ ቀን ሥራ 3 ኪሎ ስንዴና 120 ግራም ዘይት ይሰፈር ነበር። በ1982 ዓ.ም. ቅይጥ ኢኮኖሚ ሲታወጅና የትእዛዙ ገመድ ሲላላ በብዙ ቦታ ያው የካበው ገበሬ ራሱ አፈረሰው። ከጠባብ ማሳዬ ላይ ቦታ ይወስዳል፣ አይጥ ያራባል አለ፤ መሬቱም ነገ ለማን እንደሚደለደል አያውቅም። ድንጋዩ ያው ድንጋይ፣ ዳገቱ ያው ዳገት፣ ሁለቱም አፈር ያስቀራሉ። አንዱ ካብ አራት መቶ ዓመት ሲቆም ሌላው በአንድ አዋጅ ማግስት የተናደው የኮንሶ ሰው በውስጡ የበለጠ ደስተኛ ስለሆነ ነው የሚል አለ?

የቀረው የካሙ እውነተኛ መሠረት ነው፦ ሞት። ሞት ጠባቂ የለውም፣ ብሎንም አያጠብቅም፣ የሁላችንም ድንጋይ በመጨረሻ ይወርዳል። እሺ፤ እዚያ ላይ አልከራከረውም። ለዚያ ብቻ ቢቀር የዚህ ጽሑፍ ግማሹ ባላስፈለገ ነበር። ችግሩ ከዚያ ተነሥቶ ለሞት የተሰጠውን መልስ ለአለቃ፣ ለኮታ፣ ለወህኒ ቤት ሲያውሉት ነው። እንዲህ ስል የሚቀርብብኝን ማስረጃ አውቀዋለሁ። ሬችክ የሚባል ቦታ አለ፤ ከ1950 እስከ 1953 የሃንጋሪ ፖለቲካ እስረኞች ቋጥኝ ሲፈልጡና ሲሸከሙ የኖሩበት የድንጋይ ካባ ነው። ገጣሚው ጊዮርጊ ፋሉዲ እዚያ ነበር፤ ከወጣ በኋላ በ1962 ያሳተመው የትዝታ መጽሐፍ ርዕስ «በሲኦል ያሳለፍኳቸው ደስተኛ ቀናት» የሚል ነው። ደስተኛው ሲሲፈስ ይኸውልህ! አዎ፤ ግን ደስታው ከየት እንደመጣ እንጠይቀው። ወረቀትና እርሳስ ስለሌለ ግጥሙን በቃሉ ይገጥማል፣ ጓደኞቹም በቃላቸው ይይዙለታል፤ ከሥራ በኋላ እየተሰበሰቡ የሚያውቁትን ይነጋገራሉ። ከድንጋዩ የተሰረቀ ደስታ ነው እንጂ ድንጋዩ የሰጠው አይደለም። ደስተኛ ብሎ ሲጽፍም ሲኦል የሚለውን ከርዕሱ አላወጣም፤ የዛሬዎቹ ኩባያ አታሚዎች ግን የሚያወጡት እሱን ነው።

ስለዚህ ፊልሙን እንደገና ለሚያይ፣ የሰውየውን ፊት ትቶ ከሥሩ ያለውን እንዲያይ እጠይቃለሁ፤ ፊቱ ከጥቂት ጭረት አያልፍም፣ ስሜት ቢፈልጉበትም ብዙ አይገኝበትም። ክምሩን ግን ከላይ ወደ ታች ይቁጠረው። ተራራው በሙሉ የተገፋ ድንጋይ ከሆነ ከሥር፣ ከሁሉ ታች፣ አንድ የመጀመሪያ ድንጋይ አለ። እሱ ሲገፋ አቀበት አልነበረም፤ ሜዳ ላይ ነው የተቀመጠው። ሁለተኛውን አምጣና እዚህ ላይ ጫን ያለው ማን እንደሆነ በወረቀቱ ላይ አልተሳለም።